የአባትሽ ስም ያመጣው ጣጣ

ልጄ ትሁት፣ በሄድሽበት ሁሉ እግርሽ አይሰናከል፤ የጀርመን ብርድም አጥንትሽን አይድፈር። እኛ እዚህ ሱዳን፣ ገዳሪፍ ሙቀቱ ቢያቀልጠንም ደህና ነን። የዘንድሮ ሰሊጥ አምሯል።

የምርምር ጽሑፍሽ ደርሶናል። ግን ምነው ያንቺን ስም አንዲት «ት» ብቻ አድርገው የአባትሽን «አንዳርጋቸው» ብለው በሙሉ ጻፉት? ይኸው አባትሽ ጽሑፉን ገበያ ይዞት ሄዶ፣ የሰሊጥ ተሸካሚው ሁሉ «ዶክቶር» ይለዋል። እሱም «ልጄ ናት» ብሎ አያርምም። ጥናትሽ የተፈጥሮን ኃይሎች አንድ ስለማድረግ እንደሆነ ከነገርሽው ወዲህማ ብሶበታል። «አባቴ አንዳርጋቸው ያለኝ የተጣሉ ዘመዶቹን አንድ እንዳደርግ ነው፤ ታዲያ ሥራው የኔ አይደል?» ይላል።

ባለፈው ሁለት የባጃጅ ነጂዎች ራክሻዎቻቸው ተጋጭተው ሲደባደቡ፣ ሰው ሮጦ እሱን ጠራው። እኔም ተከትዬ ሄድኩ። መሀላቸው ገብቶ ስለ ኃይል ያስተምራቸው ጀመር። መጀመሪያ እርስ በርስ ተያዩ፤ ከዚያ ሁለቱም በአንድ አፍ እሱን ይሰድቡት ገቡ። ሰድበው ሲያበቁ ተቃቅፈው ሻይ ሊጠጡ ሄዱ። አባትሽ ላቡን እየጠረገ «አየሽ እናኑ፣ ተሳካ!» አለኝ።

በይ ልጄ፣ ሹራብሽን ደርቢ፣ ምሳ አትዝለይ። እመብርሃን ደግ ባል ትስጥሽ። አንድ ነገር ብቻ እለምንሻለሁ፤ ልጅ ስትወልጂ ስሙን እኔ ላውጣለት። አባትሽ ከወዲሁ «ኤሌክትሮን» ብሎታል።

እናትሽ እናኑ