እልልታ ለሚስተር ቶማሽ

ቅዳሜ፣ ኅዳር 12፣ ሲልቨር ስፕሪንግ

ዛሬ በምሠራበት የአረጋውያን መኖሪያ አዳራሽ የሚስተር ቶማሽ ፊልም ታየ። እኚህ የምንከባከባቸው ፖላንዳዊ የኦፔራ ዘፋኝ ነበሩ፤ ድምፃቸው ሲበላሽ የፊልም ተዋናይ ሆኑ። «መድረክ ላይ ይጨበጨብልኝ ነበር፤ ካሜራ ግን አያጨበጭብም» ይሉኛል ሁልጊዜ፣ ጫማቸውን ሳስርላቸው።

ፊልሙ ላይ በዚያ ወጣትነታቸው ፈረስ ላይ ሆነው ብቅ ሲሉ አላስቻለኝም፤ እንደ ሠርግ ቤት እልልታዬን አቀለጥኩት። ነርሷ ሰው የወደቀ መስሏት እየሮጠች መጣች። እሳቸው ግን ዊልቸራቸውን ተደግፈው ተነሡና ደረታቸውን ይዘው ለእኔ እጅ ነሡ።

«ኧረ ቁጭ ይበሉ፣ ይወድቃሉ!» ብላቸው፣ «ተይኝ፤ አርባ ዓመት የጠበቅኩት ነው» አሉኝ።

ሱፐርቫይዘሬ «ሰኞ ቢሮዬ ነይ» ብላኛለች። እሄዳለሁ። ይቅርታ ግን አልጠይቅም።