አጥሬ እንዲፈርስልኝ በትህትና ስለመጠየቅ

ይድረስ ለተከበሩ የቀጠናችን የሕዝብ ቦታ ጥበቃ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ
ቦሌ ቡልቡላ

ክቡር ሆይ፣ ከነመላው ቤተሰብዎና ከነባለሙያዎችዎ ለጤናዎ እንደምን ሰንብተዋል? የሰፈሩ እድር ጸሐፊ የሆንኩት እኔ መኩሪያ ደስይበለው እግዚአብሔር ይመስገን፣ ቀጥሎም የጽሕፈት ቤትዎ ትዕግሥት ይመስገን፣ ደህና ነኝ። ይህን በግልጽ የምጽፍልዎ ላመሰግንዎም፣ ራሴን ልጠቁምም ብዬ ነው።

1ኛ/ የዛሬ አራት ዓመት ከግቢዬ ጀርባ ለሕዝብ ከተተወው ሜዳ ሦስት ሜትር ስወስድ ስለታገሡኝ ምስጋናዬ ከፍ ያለ ነው። በቅድሚያ ጽድ ተከልኩ፤ ባለሙያዎችዎም መጥተው ለአረንጓዴ ልማት ስላደረግሁት አስተዋጽኦ አመስግነውኝ ሄዱ። ጽዱ ከፍ ሲል ከኋላው ቆርቆሮ አቆምኩ። በትንሣኤ ሰሞን ደግሞ ቢሮ ዝግ መሆኑን አስልቼ በሦስት ቀን በብሎኬት አጠርኩት። ጎረቤቶቼ ሁለት ሳምንት ያህል ሁኔታውን ካጠኑ በኋላ፣ ምንም እንዳልተባልኩ ሲያዩ፣ እነሱም አጥራቸውን ወደ ሜዳው ገፉ። መንገዱን ያሳየኋቸው እኔ ነኝ።

2ኛ/ የእድሩ አባላት ስለ ሜዳው አቤቱታ ጻፍ ሲሉኝ ጻፍኩ፤ የወራሪውን ስም ግን በጸሐፊነት ሥልጣኔ ዘለልኩት። ባለሙያዎችዎ መኪና ሙሉ ሆነው መጥተው ወረራው የት እንደሆነ ሲጠይቁኝ፣ በብሎኬት አጥሬ ላይ ተደግፌ፣ በዣንጥላ ሥር ቲማቲምና ሽንኩርት የምትሸጠውን ነኢማን በጣቴ አሳየኋቸው። በማስጠንቀቂያ ወረቀትዎ ላይ ለወራሪ የአሥር ቀን ጊዜ እንደሚሰጥና እምቢ ካለም በራሱ ወጪ እንደሚፈርስበት አንብቤያለሁ። ለነኢማ አሥሩ ቀን በአንድ ጠዋት ተጠናቀቀላት። የያዘችው አንድ ሜትር ነበር፤ እሱንም ማታ ማታ አጣጥፋ ትመልሰው ነበር። ስለ ቅልጥፍናችሁ አመሰግናለሁ፤ ስለ ጣቴ ግን አፍራለሁ።

3ኛ/ ባለፈው ወር ጎረቤታችን አቶ ምሩጽ ሲያርፉ የእድሩን ድንኳን እንደ ወትሮው በሜዳው ልንተክል ሄድን፤ ሜዳው አልበቃም። ሜትር ይዤ የለካሁት እኔው ነበርኩ፤ ዘርግቼ ዘርግቼ መጨረሻው የራሴ አጥር ላይ ቆመ። ድንኳኑን ግማሹን አጥፈን አስፋልት ዳር ተከልነው። ባለቤታቸው ወይዘሮ ሣባም በመኪና ጡሩምባ መካከል ሦስት ቀን ለቅሶ ተቀመጡ፤ ፀሐዩ ሲበረታባቸው ነኢማ ያንን ባለሙያዎችዎ የሰበሩትን ዣንጥላ በሽቦ ጠግና አምጥታ ከራሳቸው በላይ ያዘችላቸው። ወይዘሮ ሣባ እኔን አይተው፣ አይዞህ መኩሪያ፣ ቦታው ጠበበ እንጂ አንተማ ደክመሃል አሉኝ። ላጽናና ሄጄ እኔው ተጽናንቼ ተመለስኩ፤ በሕይወቴ እንደዚያ ያፈርኩበት ቀን የለም።

ስለዚህ ክቡር ሆይ፣ ለነኢማ ያሳዩትን ፍጥነት ለእኔም እንዳይነፍጉኝ፣ ማስጠንቀቂያውም፣ ማፍረሱም፣ ወጪውም በስሜ እንዲሆንልኝ በታላቅ ትህትና አመለክታለሁ።

የእኔ ባልሆነ መሬት ላይ ቆሜ፣ አክብሮቴን እየገለጽኩ፣
መኩሪያ ደስይበለው

ግልባጭ፦ ለወይዘሮ ሣባ፣ ለነኢማ

ማስታወሻ፦ ይህን ከመጻፌ በፊት አጥሩን ራሴ ላፍርስ ብዬ ቢሮዎ መጥቼ ነበር። ለማፍረስ ፈቃድ፣ ለፈቃዱም የቦታው ካርታ ያስፈልጋል ተባልኩ፤ ስሠራው ካርታ የጠየቀኝ ሰው አልነበረም። እንግዲህ መልስዎን ሳልጠብቅ የፊታችን እሑድ ከቅዳሴ መልስ መዶሻ ይዤ እጀምራለሁ። በበዓልና በእሑድ ከባለሙያዎችዎ ማንም እንደማይመጣ ከልምድ ስለማውቅ በሰላም እጨርሳለሁ ብዬ አምናለሁ። ሰኞ ነኢማ ዣንጥላዋን ይዛ ብትመለስ ግን፣ ለእኔ ካባከኑት የአራት ዓመት ትዕግሥት የተረፈ ካለ፣ እባክዎ ለእሷ ይስጡልኝ።