ቭላስታ ባትኖር ኖሮ

ውድ አክስቴ ቭላስታ፣

ዳሌዎ ተሰብሮ ሆስፒታል ልጠይቅዎ በመጣሁ ጊዜ፣ «ዘንድሮ እኔ አልችልም፤ በእኔ ቦታ አንቺ ሂጂ። ስትመለሺ ግን ያየሽውን ሁሉ አንድም ሳታስቀሪ ጻፊልኝ» ብለውኝ ነበር። ይኸው ሄጄ ተመለስኩ። የምጽፍልዎ ግን እርስዎ የጠበቁትን ብቻ አይደለም። በአካል መጥቼ እንዳልነግርዎ፣ እርስዎ ሰው አጠገብዎ ሲቀመጥ እጁን ይይዛሉ። የእኔ እጅ ሲያዝ ደግሞ አፌም አብሮ ይያዛል።

እኔ በእርስዎ እቀና ነበር። «ነበር» ያልኩትም ለይሉኝታ ነው።

በልደቴ ቀን ኬኩ ከመቆረሱ በፊት እናቴ ትከሻዬን ይዛ ወደ እርስዎ ታዞረኝ እንደነበር ያስታውሳሉ። «ቭላስታ ባትኖር ኖሮ እኔ ከዚያ መንገድ አልመለስም፤ እኔ ባልመለስ አንቺም አትወለጂም። በይ አመስግኛት» ትለኛለች። አመሰግንዎታለሁ። እርስዎም ግንባሬን ይስማሉ። ሌሎች ልጆች በልደታቸው ስጦታ ሲቀበሉ እኔ በተወለድኩበት ቀን ስለመወለዴ ሰው ሳመሰግን አደግኩ። ጦርነቱ ሊያበቃ ሲል ጀርመኖቹ እስረኞቹን ከራቨንስብሩክ የሴቶች እስር ካምፕ አስወጥተው በእግር እንደነዷቸው፣ መንገድ ላይ የተቀመጠ ሁሉ በጥይት እንደቀረ፣ እናቴ ጉልበቷ ሲከዳት እርስዎ አዝለው እንዳሻገሯት፣ ይህን ሁሉ ያወቅኩት ፊደል ከመቁጠሬ በፊት ነው። ባሌ ዝቢኔክ የመጀመሪያ ልጃችን የተወለደ ጊዜ ለቀልድ፣ «እንግዲህ እሱም ሲያድግ ቭላስታን ያመስግናላ» ቢል እናቴ ሳትስቅ «እንዴታ» አለችው። ልጄም ሲያድግ አመሰገነዎት።

ከምስጋናው ይልቅ የሚያንገበግበኝ ግን ሳቃችሁ ነበር። ቅዳሜ ቅዳሜ ይመጣሉ፤ ማድ ቤት ትገቡና በሩ ይዘጋል። ትንሽ ቆይቶ እናቴ ትስቃለች። ከእኔና ከአባቴ ጋር ስትሆን ፈገግታዋ እንኳ በልክ የነበረች ሴት፣ ከእርስዎ ጋር ስትሆን ትንፋሽ እስኪያጥራት ትስቃለች። በሩን ስከፍት ዝም ትላላችሁ። «ምንድነው የሚያስቃችሁ?» እላለሁ። «ምንም፣ የድሮ ነገር ነው» ትለኛለች፤ ዓይኗን በመሀረብ እየጠረገች። አባቴ ጋዜጣውን ሳያወርድ፣ «ተያቸው፣ እነሱ የራሳቸው አገር አላቸው» ይለኝ ነበር። እሱ ችሎ ኖረ። እኔ አልቻልኩም።

በእናቴ ቀብር ዕለት የሆነውን ደግሞ እርስዎ ልብ ያሉት አይመስለኝም። ሰዉ ከእኔ በፊት እርስዎን አቀፈ። ቄሱ እርስዎን አጽናኑ። አንዷ ጎረቤታችን ወደ እኔ ቀረብ ስትል፣ ልታጽናናኝ ነው ብዬ እጄን ዘረጋሁ። «ዳግማር፣ ለቭላስታ ወንበር ፈልጊላት፤ ልትወድቅ ነው» አለችኝ። እናቴን በምቀብርበት ቀን ወንበር ተሸክሜ መጣሁልዎ።

ስለዚህ አውቶቡሱ ላይ የወጣሁት እናቴን ልዘክር ብቻ አልነበረም። በየዓመቱ ሚያዝያ ላይ ሁለታችሁ ከተረፉት ሴቶች ጋር በአውቶቡስ ወደ ካምፑ ትሄዳላችሁ፤ እናቴን «እኔም ልምጣ» ስላት «ያንቺ ቦታ አይደለም» ትለኝ ነበር። የእኔ ቦታ ያልሆነውን ቦታ ላየው ፈለግኩ።

ከከተማችን ከዴቺን ሳይነጋ ተነሳን። አሮጊቶቹ ያዝናሉ፣ ጸሎት ያደርሳሉ ብዬ ጥቁር ለብሼ ብወጣ፣ አውቶቡሱ የሠርግ ቤት መስሏል። የተጠበሰ ሥጋ በዳቦ፣ የዱባ ያህል የወፈረ የኮምጣጤ ኪያር፣ ሻይ በፔርሙስ፣ የፕሪም አረቄ በመድኃኒት ጠርሙስ። አጠገቤ የተቀመጠችው ያቺ ድምፀ ትልቅ ያርሚላ ናት። ከላይ እስከ ታች አየችኝና፣

«የሩዜና ልጅ አንቺ ነሽ?»

«አዎ፣ እኔ ነኝ» አልኳት። «እርስዎስ?»

«እርስዎ የምትይኝ ምን አድርጌሽ ነው? እዚህ አውቶቡስ ውስጥ አሮጊት የለም። ያርሚላ በይኝ። ይሄን ጥቁር ልብስ ደግሞ ማን አለበሰሽ? እናትሽ ብታይሽ ሾፌሩን አስቁማ ታስወርድሽ ነበር።»

ከኋላችን ያሉት ሳቁ። አንዷ፣ «ሩዜና የሌለችበት መንገድ እንዴት ይገፋል?» አለች። «ድንበር እስክንደርስ በሳቅ ሆዳችንን ታሳምመን አልነበር?» ሌላዋ ቀበል አድርጋ እናቴ የካምፑን ጠባቂ ሴት አረማመድ እንዴት እንደምታስመስል ልታሳይ ተነሳች፤ አውቶቡሱ ሲታጠፍ ያርሚላ ጭን ላይ ወደቀች።

ሁሉም እናቴን ያውቋታል። እኔ ግን የሚያወሩላትን ሴት አላውቃትም። ቤት ውስጥ በሩን ዘግታ የምትስቀው ከእርስዎ ጋር ብቻ ነው ብዬ ስንገበገብ የኖርኩት ሴትዮ፣ ለካ ለአንድ አውቶቡስ ሰው ሁሉ ስትታደል ኖራለች። ለእኔ ብቻ ነው ያልተረፈችው። ያርሚላ ዳቦ ስትሰጠኝ አልበላም አልኩ። «እልኸኛ» አለችኝ። «በዚህስ እሷን ነሽ።»

አስጎብኚዋ ኡልሪከ በር ላይ ጠበቀችን። እንደነገሩኝ ቀጭን፣ ጀርመናዊት፣ ቼክኛዋ የሚያሳዝን። እጄን ይዛ ቆየችና፣ «እናትሽ በየዓመቱ እዚህ ስትደርስ ‹መግቢያው ዘንድሮም ነጻ ነው?› ትለኛለች» አለች። «‹ነጻ ነው› ስላት፣ ‹ያኔም ነጻ ነበር፤ የተወደደው መውጫው ነው› ትለኛለች። መጀመሪያ የሰማኋት ጊዜ አለቀስኩ። እሷ ናት ያባበለችኝ።»

የአሳሪዎቿ የልጅ ልጅ ለምትሆን ባዕድ ይህን ሁሉ ቀልዳለች፤ አባብላለች። እኔ በልጅነቴ ስለ ካምፑ በጠየቅኋት ቁጥር «ብርድ ነበር» ብቻ ነበር መልሷ።

እርስዎ የሚያውቁትን ቦታ አልዘረዝርልዎም። እናንተ እስረኞቹ ትጎትቱት የነበረው የመንገድ መዳመጫ እንዳለ ነው፤ የጠባቂዎቹ ቤቶችም ከነአበባቸው። ሐይቁ ማዶ ያለችው የቤተ ክርስቲያን ጣሪያ ያን ዕለት ፀሐይ አርፎባት ነበር። ኡልሪከ ሐይቁ የሰው አመድ የተጣለበት መሆኑን ነገረችን። መኝታ ቤቶቹ ፈርሰዋል፤ መሬቱ ጥቁር የከሰል ጠጠር ለብሷል። ያርሚላ ክንዴን ይዛ ወሰደችኝና በጫማዋ ጫፍ መሬቱን ጫር ጫር አደረገች።

«እዚህ ላይ ነው። ሦስተኛው አልጋ፣ ከላይ። ቭላስታና እናትሽ በአንድ ፍራሽ። አንዷ ስትገላበጥ ሌላዋም ትገላበጣለች፤ ሌላ ቦታ የለማ።»

ጠጠሩን አየሁት። ሰው የሚጸልይበት፣ የሚያለቅስበት ቦታ ነው። እኔ ያሰብኩት ምን እንደሆነ ልንገርዎ፤ ካፈሩብኝም ይፈሩ። በዚያ ፍራሽ ላይ ለእኔ የሚሆን ቦታ አልነበረም ብዬ አሰብኩ። ሰው የተገደለበት ቦታ ቆሜ፣ እናቴን አቅፈው ስለተኙ ቀናሁብዎት። ብርድ ነበር ያለችኝ እናቴ ለካ ከብርዱ የምታመልጥበት ጀርባ ነበራት።

ሐይቁ ዳር ስንደርስ ጽጌረዳ ተሰጠን፤ ለሞቱት የሚጣል። እኔ ሁለት ያዝኩ።

«ሁለተኛው ለማነው?» አለችኝ ያርሚላ።

«ቭላስታ በእሷ ስም እንድጥል አደራ ብላኛለች።» ምሬቴን መደበቅ አቃተኝና ጨመርኩ፤ «ምን ይደረግ፣ እሷ እናቴን ባታዝላት ኖሮ እኔም አልኖርም።»

ያርሚላ ጽጌረዳዋን እንደያዘች ቆማ አየችኝ።

«ማን ማንን ነው ያዘለው?»

«ቭላስታ እናቴን።»

«ማን ነው እንዲህ ያለሽ?»

«እናቴ ናታ። በየልደቴ።»

«አይ ሩዜና» አለች፤ ድንጋይ ፈልጋ ተቀመጠች። «እስከ መጨረሻው ገፋችበት ማለት ነው? ልጄ፣ እኔ ከኋላቸው ነበርኩ። ቦይ ዳር የተቀመጠችው ቭላስታ ናት። ‹በቃኝ፣ ሂጂ› አለቻት። እናትሽ በጥፊ መታቻት፤ ከዚያ አዘለቻት። አንድ ሰው ያልሞላች ሴት ሌላ ያልሞላች ሴት አዝላ ስትሄድ አይቻለሁ። ያየሁትን ነው የምነግርሽ።»

«ታዲያ ለምን ዋሸችኝ?»

ያርሚላ የነገረችኝን እርስዎ ከእኔ በላይ ያውቁታል፤ ቢሆንም እንደሰማሁት ልጻፈው። ከካምፕ ስትመለሱ እናቴን እጮኛዋ ጠበቃት። እርስዎን የጠበቀዎት ባዶ ቤት ነው። ባልዎ ተገድለዋል፤ ትንሹ ልጅዎ በዘመድ እጅ እያለ በጉሮሮ በሽታ ሞቷል። ሦስተኛው ክረምት ላይ እርስዎ ለመሞት የማድ ቤቱን ጋዝ ከፍተው ተኙ። ደርሳ መስኮቱን የሰበረችው እናቴ ናት፤ እኔ ሆዷ ውስጥ ነበርኩ። በዚያን ቀን እጅዎን ሆዷ ላይ አስቀምጣ፣ «እኔን ከመንገድ ያነሳሽኝ አንቺ ነሽ። ይህ ልጅ ሲወለድ የሚያመሰግነው አንቺን ነው፤ እስኪያመሰግንሽ ጠብቂ» አለችዎ።

«ቭላስታ መጀመሪያ ተቆጣች» አለችኝ ያርሚላ። «‹እብድ ነሽ፣ ያዘልሽው አንቺ ነሽ› አለቻት። እናትሽ ‹ተሳስተሻል፣ ያኔ ትኩሳት ነበረብሽ› ብላ ድርቅ። ኋላ አንቺ ተወለድሽ። አፍ ፈትተሽ አመሰገንሻት። ከዚያ ወዲህ ቭላስታ ስትከራከር አልሰማሁም። አንድ ቀን ሩዜናን ለብቻዋ ይዤ ‹ለምን?› አልኳት። ‹ማንሳት ብቻውን አይበቃም፤ የሚያቆማት ነገር መስጠት አለብኝ። ያለኝ ይህች ልጅ ናት፤ ከእሷ ላይ ቆርሼ ሰጠኋት› አለችኝ።»

አክስቴ ቭላስታ፣ አሁን ልቤ ይራራል ብለው ጠብቀው ይሆናል። አልራራም። ሁለቱንም ጽጌረዳ በአንድ ላይ ወረወርኩና አውቶቡሱ ውስጥ ገብቼ ተቀመጥኩ። ሳልጠየቅ ተቆርሼ የተሰጠሁ ዳቦ ነኝ። እናቴ ለእርስዎ ሳቋን ሰጥታ አልበቃትም፤ እኔንም ጨመረችልዎ። በመልስ ጉዞው እነሱ ሲዘፍኑ እኔ በልቤ ደብዳቤ እጽፍልዎ ነበር፤ ይህኛውን ሳይሆን ሌላ። «ምስጋናዬን ይመልሱልኝ፤ ልደቶቼን ይመልሱልኝ፤ የልጄንም ይመልሱልኝ» የሚል። ድሬስደንን ስናልፍ ጨርሼው ነበር። ቃል በቃል አሁንም አስታውሰዋለሁ፤ ጥሩ ደብዳቤ ነበር።

ያን ጊዜ ያርሚላ ጉልበቴን ነካች።

«ቭላስታ ስንመለስ እዚህ ጋ ሁልጊዜ ታኮርፍ እንደነበር ታውቂያለሽ?»

«ለምን?»

«ስለ አንቺ ነዋ። እናትሽ ‹አሁን ዳግማር ሾርባ አሙቃ ትጠብቀኛለች፤ እግሬን ውሃ ውስጥ ትከትልኛለች› ማለት ትጀምራለች። ቭላስታ ወደ መስኮቱ ትዞራለች። ዴቺን እስክንደርስ አታናግረንም። አንድ ጊዜማ ‹ሾርባውንና ልጅቷን ተይልኝ› ብላ ጮኸችባት። ቅናት ያቃጥላት ነበር።»

እውነቱን ልንገርዎ፤ ደስ አለኝ። እንዲህ ያለ ክፉ ደስታ ሰው ይሰማዋል ወይ ብለው ይጠይቁ ይሆናል። ይሰማዋል። ያርሚላን ዳቦ ጠየቅኋትና በላሁ። እኔ ከበር ውጭ ቆሜ በሳቃችሁ ስቃጠል፣ እርስዎ በአውቶቡስ መስኮት በኩል ስለ እኔ ሾርባ ይቃጠሉ ነበር። በሕይወቴ በእኔ የቀና ሰው አላውቅም። የመጀመሪያዋ እርስዎ ሆኑ።

ቤት ስደርስ ያኛውን ደብዳቤ ልጽፍ ተቀመጥኩ። «ውድ አክስቴ ቭላስታ» ብዬ ቀጣዩ መስመር አልመጣ አለኝ። እርስዎ የቦዩን ዳር እንደማይረሱት አውቃለሁ። ትኩሳት ነበረብሽ ስለተባሉም አላመኑም፤ እኔና ልጄ ማመስገናችን ግን ጠዋት የሚነሱበት ምክንያት ሆነዎት። እኔ ያንን ልነጥቅ ብችል እንኳ የምነጥቀው እናቴ በጀርባዋ ካመጣችው ሰው ላይ ነው። ድካሟን ከንቱ ላደርግባት አልፈለግኩም። ለእርስዎ ብዬ አይደለም፤ ለእሷ ነው።

ስለዚህ እንዲህ እናድርግ። ከእኔ ላይ የተሰጠዎት ድርሻ የእርስዎ ነው፤ አልወስደውም፤ ማን ማንን እንዳዘለም ከአንደበቴ አይወጣም። እኔ ግን በምትኩ ድርሻዬን እፈልጋለሁ። እሑድ ከምሳ በኋላ እመጣለሁ። ስለ ብርዱና ስለ ረሃቡ አይንገሩኝ፤ እሱን ኡልሪከ ነግራኛለች። ማድ ቤት ተዘግቶ ምን እንዳሳቃችሁ ነው የምፈልገው፤ አንዱንም ሳያስቀሩ፣ ባለጌውንም ጭምር። አንዳንዱ ባያስቀኝም እርስዎ ይቀጥሉ። ሲያልቅብዎ ከመጀመሪያው ይድገሙት፤ ጊዜ አለኝ።

እጄን መያዝ ይችላሉ። ግን እያወሩ ይሁን።

የሩዜና ልጅ፣
ዳግማር