ወባ ያልያዛት በሽተኛ

ኅዳር 3፣ ጠዋት

ዛሬም ታመምኩልህ፣ ማስታወሻዬ። ሥራዬ ሆኗል። ፊልም አንሺዎች ከአዲስ አበባ መጥተዋል። ለገበሬ ማኅበር ጤና ወኪሎች ማሠልጠኛ ፊልም የወባ በሽተኛ መስሎ የሚታይ ሰው ይፈልጋሉ። አለቃዬ ታይፕ ከምመታበት አስነስቶ ላከኝ። እንቀጠቀጣለሁ፣ አቃስታለሁ። ዳይሬክተሩ ትንሽ ቀንሺ ይለኛል። ምን ላድርግ፣ ደስ ሲለኝ ይብስብኛል!

ኅዳር 5፣ ከሰዓት

የቃሬዛው ቀን። አራት ጎረምሶች ተሸክመውኝ በገበያው መንገድ ወደ ጤ/ጣቢያ። ፊቴ ላይ ዱቄት፣ ላዬ ላይ ጋቢ። ገበያ ቀን መሆኑን ማንም አላሰበም። ገበያተኛው ካሜራውን መች አየ፣ እኔን እንጂ! ሴቶቹ እየተከተሉ አለቀሱልኝ። አንድ ሽማግሌ ቆመው ጸለዩ። ዓይንሽን እንዳትገልጪ ተብያለሁ፤ ሳቄ ሊያመልጠኝ ነበር።

አሁን ግን ትዝ አለኝ፦ እህቴ ከምትኖርበት ከሾኔ የመጡም ነበሩ። ለእትዬ አየለች ቢነግሯትስ? እናት ሆና ያሳደገችኝ እህቴ ናት። በቀለን ያለ ፈቃዴ አገባሽ ብላ፣ ደጅሽን አልረግጥም ካለች ሁለት ዓመቷ። ሰምታ ብትቀርስ? ተወው።

ኅዳር 6

መጣች!! በጭነት መኪና፣ ዶሮ ታቅፋ። ከጤ/ጣቢያው በር ጀምሮ በሀዲይኛ እየጮኸች። እኔ ቃሬዛው ላይ ተቀምጬ ሙዝ እበላለሁ። አየችኝ። ዶሮዋን ጣለችና በነጠላዋ ዠለጠችኝ፤ አቀፈችኝ፤ እንደገና ዠለጠችኝ። ሁለታችንም አለቀስን። ጎረምሶቹ ዶሮ ሊይዙ ሮጡ።

ታመመች ሲሉኝ ነው የመጣሁት፣ አልታረቅሁም አለች። እሺ አልኩ። ናፍቃኝ ነበር፣ በጣም።

ዳይሬክተሩ ወደዳት። አስታማሚ ይሁኑልን አላት። ሻሿን አስተካከለች።

ኅዳር 7፣ ከሰዓት

የመጨረሻው ቀረጻ፦ በሽተኛዋ ድና፣ አስታማሚዋ ደግፋ ቤቷ ስታስገባት። ቤቱ የኔው ቤት። እትዬ ደጃፉ ላይ ቀጥ አለች። ክንዴን ጨምድዳ ይዛለች። ዳይሬክተሩ ግቡ እንጂ ይላል። ባሌ ጓዳ ተደብቋል።

"ለፊልሙ ነው!" አለች፣ ጎረቤት ሁሉ እንዲሰማ። ገባች።

ዳይሬክተሩ ጥሩ ነው፣ አለቀ አለ። እትዬ ተቆጣች። አገባቤ አላማረም፣ ነገ ይደገም። የለም፣ እንሄዳለን ቢላት፣ ሳይደገም ከዚህ ንቅንቅ አልልም ብላ ጫማዋን አወለቀች።

መኪናቸው ሲሄድ በመስኮት አየችው። ጫማዋን ግን አላነሳችም። አሁን በቀለን አልጋ አንጥፍ እያለች ታዘዋለች፤ እሱም ይሮጣል። ወስኛለሁ፦ ፊልሙ ማለቁን ነገም፣ ከነገ ወዲያም ማንም አያነሳባትም። በቀለንም አስጠንቅቄ... እየጠራችኝ ነው፣