በወርቅ ቀለም የተቀባው ጆይስቲክ

ሐሙስ፣ ጳጉሜን 3 ቀን 2003 ዓ.ም.

ዛሬ አቶቴ ሰፈር ባለው የጋሽ ከድር ጌም ቤት የዓመቱ ምርጥ ተጫዋች ተባልኩ። ቤት ከገባሁ ጀምሮ ግን መቀመጥ አቅቶኛል።

እጩዎቹ እኔና ብርሃኑ ነበርን። እጩ ድምፅ ይሰጣል፤ ለራሱ ግን አይጽፍም፣ የቤቱ ወግ ነው። እኔ ግን ‘ብርሃኑ የራሱን መጻፉ አይቀርም’ ብዬ የራሴን ስም ጻፍኩ። ጽሑፌ እንዳይታወቅ በግራ እጄ።

ጋሽ ከድር ወረቀቶቹን ከካርቶኑ እያወጡ ሲያነቡ የኔዋ ላይ ሲደርሱ ቆም አሉ።

«ይቺን ደግሞ ዶሮ ናት እንዴ የጻፈቻት?»

ሁሉም አውካካ። እኔም አብሬ ሳቅሁ። አሥራ አንድ ለአሥር አሸነፍኩና በወርቅ ቀለም የተቀባ አሮጌ ጆይስቲክ ተሸለምኩ።

ስወጣ ብርሃኑ የሩፋኤልን ዝናብ በሩ ሥር ተጠልሎ ጠበቀኝ። «እንኳን ደስ ያለህ! እኔም እኮ አንተን ነው የጻፍኩት» አለኝ።

በዝናቡ ውስጥ ወደ ቤት ሮጥኩ።

እማዬ ጆይስቲኩን ቴሌቪዥኑ ላይ አስቀመጠችው። ሁለቴ አነሳሁት፤ ሁለቴ መለሰችው። «ተወው፣ እንግዳ ይየው እንጂ!» ትላለች።

ነገ ለምሳ የጠራችው እንግዳ ብርሃኑ ነው።