ጡሪማዎች አንደኛ ወጡ

አሰላሙ አለይኩም ወራህመቱላህ፣ ወንድሜ ሙዓዊያ፤ ከቆቦ አንተ እስካለህበት ባለው መንገድ ርዝመት ልክ ሰላምታዬ ይድረስህ። እኛ አልሐምዱሊላህ ደህና ነን። ማሽላው ዘንድሮ ሰው ይደብቃል፤ ዒድ ላይ ለመጨረሻ ጊዜ ስትደውል የጠየቅከኝ ማማችንም እንደቆመ ነው።

አሁን ወሬውን ስማ! በወረዳው የድርሰት ውድድር እህትህ አንደኛ ወጣች! የጻፍኩትም ልጆች ሳለን እዚያው ማማ ላይ ወፍ ስንጠብቅ ስለፈጠርናቸው የሌላ ኮከብ ሰዎች፣ ስለ ጡሪማዎች ነው። አራት እጅ ሰጠኋቸው፤ አፍ ከለከልኳቸው። የሚነጋገሩት ደረታቸው ላይ በሚበራ ብርሃን ነው፤ ንጉሥም ወታደርም የላቸውም። አንዱ ሩቅ አገር ሲሄድ ደጃፉ ላይ ድንጋይ ይተከልለታል፤ የትም ይሁን የት፣ የእሱ ደረት ሲበራ ድንጋዩም አብሮ ይበራል።

ከዳኞቹ አንዱ፣ ከጎብዬ የመጡ መነጽራም መምህር፣ «የድንጋዩ ብርሃን የጠፋ ዕለትስ?» ብለው ሊያጠምዱኝ ሞከሩ። እኔ የምበገር መሰለህ? «በጡሪማዎች ታሪክ አንድም ድንጋይ ጠፍቶ አያውቅም!» አልኳቸው። አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ!

እማም ነበረች። እልልታዋን ስትጨርስ «ያቺን መልስ ብቻ እስኪ ድገሚልኝ» አለችኝ። ይኸው እስከ ዛሬ ጧት ጧት ታስደግመኛለች፤ እኔም ድምፄን ከፍ አድርጌ እላታለሁ።

በል፣ አላህ ባለህበት ይጠብቅህ። የቱ እንደሚያገኝህ ስለማላውቅ ይህን ደብዳቤ በሦስት ቅጂ ገልብጬዋለሁ። አንዱን ጅቡቲ ለሚመላለስ የጭነት መኪና ሹፌር፣ ሁለተኛውን ሳዑዲ፣ ጂዛን ለምትሄደው ለጎረቤታችን ለኡሙሃኒ ሰጥቻለሁ። ሦስተኛው እዚሁ ቤት ተቀምጧል፤ አንተው መጥተህ ታነበዋለህ።

አንደኛዋ እህትህ፣ ኢኽላስ