ያልተቀባው በራችንና የሃያ ዓመቱ ብድር

አስማማው፣ የልጄ አባት፣

እንዴት ነህ ብዬ አልጀምርም፤ መልሱን ከማን እሰማዋለሁ? እኔ እንዴት እንዳለሁ ግን ልንገርህ። ከተለየኸኝ ሁለተኛው መስቀል አለፈ። በቀብርህ ዕለት ጫማችንን እየያዘ ሲያስቸግረን የነበረው ጭቃ ደረቀ፣ ሣር አበቀለ፣ ክረምት ሲመጣ ደግሞ ተመልሶ ጭቃ ሆነ። እንጅባራ እንደምታውቃት ናት፤ ጠዋት ጉም፣ ከሰዓት ዝናብ፣ ማታ ብርድ። አንተ የእንስሳት መድኃኒት ትሸጥባት የነበረውን የፊት ለፊቷን ክፍል ለፀጉር አስተካካይ አከራይቻታለሁ። ሰውየው ጨዋ ነው፤ የቤት ኪራዩንም አያሳድርም። ሙዚቃውን ግን አንተ ብትኖር ሦስት ቀን አትታገሰውም ነበር። ሰላም ስምንተኛ ክፍል ገብታለች፤ በቁመት በልጣኛለች። ስትናደድ ልክ እንዳንተ ዝም ትላለች፣ እኔም ዝምታዋን ልክ ያንተን እፈራ እንደነበረው እፈራዋለሁ።

በራችን እንደተውከው ነው። ቤቱ አልቆ የብረቱ በር በቆመ ጊዜ ዝገት የሚከላከለውን ቀዩን አንቲረስት ብቻ አስቀብተህ አቆምከው። ዋናውን ቀለም የምንቀባው የባንኩ ዕዳ ያለቀ ዕለት ነው፣ አረንጓዴ ነው የማደርገው አልክ። ጥቂት ዓመት መስሎኝ እሺ አልኩህ። ይኸው ሰፈሩ ሁሉ ባለ ቀዩ በር ይለናል፤ ሰላምም ጓደኞቿን ስታመጣ ታፍርበታለች። ይህን የምጽፍልህም በዚያ በርና በዚያ ዕዳ ምክንያት ሆዴ ውስጥ ሲመላለስ የከረመ ነገር ስላለ ነው። ብዙ ሰው ጠርጥሬበታለሁ። አንተንም ጭምር።

መጠርጠሬ አዲስ ነገር አይሆንብህም። ቅቤ ነጋዴ ነኝ፤ ከግምጃ ቤት ገጠር የሚመጡት ሴቶች ቅቤያቸውን በቅጠል ጠቅልለው ሲያመጡልኝ ከላይ ያለውን አይቼ ገዝቼ አላውቅም። ቀጭኗን ስንጥር እስከ መሀል ከትቼ፣ አውጥቼ፣ አሽትቼ ነው። ከላይ ለጋ፣ ከሥር የከረመ የሚሸጥ ስንት አለ። አንተ ትስቅብኝ ነበር፤ እኔንም ሳትወጊ አላገባሽኝም ትለኝ ነበር። እንግዲህ ያቺ ሁሉን የምትወጋ ሴት የባንኩን ብድር ሳትወጋው ፈረመች። ወሩ ስንት ነው ብዬ ጠየቅኩህ፣ ነገርከኝ፣ እንችለዋለን አልኩ። ግድግዳው ቆሞ ጣሪያ አልነበረውም፤ ክረምቱም እየገባ ነበር። ከዚያ በላይ መጠየቅ አልመጣልኝም።

ያን ጊዜ መሥሪያ ቤትህ ዳንግላ ስለነበር የተበደርነውም እዚያው ነው። ወንድምህ በላይ ሱቁ ከባንኩ አጠገብ ነውና ወር በገባ ቁጥር ገንዘቡን ለእሱ ትሰጠውና እሱ ያስገባ ነበር። ከሞትክ በኋላም እንደዚያው ቀጠልን፤ በሞትህ ከተቆረጠልን ጡረታ፣ ከኪራዩና ከቅቤዬ እያጠራቀምኩ እልክለታለሁ። ባለፈው ሰኔ ግን ቀሪው ስንት እንደሆነ ጠይቅልኝ አልኩት። ጠይቆ ሲነግረኝ ክው አልኩ። አምስት ዓመት ሙሉ ከፍለን ዕዳው ያው የተበደርነው ነው ማለት ይቻላል። ከዳር ተነካ እንጂ አልተቆረሰም።

እውነቱን ልንገርህ፤ መጀመሪያ ዓይኔ ያረፈው በላይ ላይ ነው። ሰማያዊ ባጃጅ ገዝቷል። ሲገዛት ሱቁ ጥሩ ስለሄደለት ነው ብሎ ነበር፤ እኔ ግን በልቤ ከጎማ እስከ ሸራዋ የኛ ቤት ብሎኬት እየመሰለችኝ መጣች። በደወለ ቁጥር ድምፁን አዳምጣለሁ። ለሰላም ደብተር ሲልክ ምን ሊሸፍን ነው እላለሁ። የሙት ዓመት ተዝካርህ ሲደርስ ደግሞ እንግዳ ሳይመጣ በሩን ልቀባላችሁ ብሎ ቀለም ይዞ መጣ። አይሆንም ብዬ መለስኩት። ባሌ ያለው ዕዳው ሲያልቅ ነው፣ ዕዳው ደግሞ ለምን እንደማያልቅ ሳላውቅ ቀለም አላስነካም አልኩት። ነገሬ የገባው አይመስለኝም፤ ቀለሙን ተሸክሞ ተመለሰ።

በመጨረሻ ለማንም ሳልናገር ዳንግላ ወረድኩ። ሰው ካየኝ ለገበያ ነው እንድል ባዶ የቅቤ ቅል አንጠልጥዬ ነበር። ከመናኸሪያው ጋሪ ያዝኩ። ባለጋሪው የማን ሚስት እንደሆንኩ ሲያውቅ ፈረሱን አንተ እንዳዳንክለት አጫወተኝና ሂሳብ አልቀበልም አለ። እሱንም ጠረጠርኩት፤ ምን ፈልጎ ነው ብዬ። ከወረድኩ በኋላ ነው አንጀቴን የበላው።

ባንኩ ውስጥ ያገኘኋት የብድር ክፍል ሠራተኛ ወጣት ናት፣ ትሑት ናት። እርስዎ ይቀመጡ ብላ ወንበር ሳበችልኝ። እኔም ለጠብ ተዘጋጅቼ ስለሄድኩ ትሕትናዋ አናደደኝ። የከፈልነውን ሁሉ ከኮምፒውተሩ አውጥታ አሳየችኝ። አንድ ወር አልጎደለም፣ አንድ ወር አልዘገየም። የሞትክበት ወር እንኳ፣ እኔ እንዳልነበርኩ የሆንኩበት ወር እንኳ፣ በቀኑ ገብቷል። እኔ በዚያ ወር ለበላይ ምንም አልሰጠሁትም። ከኪሱ ከፍሎ ዝም ብሏል። ባጃጇን ሳስብ ፊቴ ጋለ።

ታዲያ ገንዘባችን የት ገባ አልኳት። በትዕግሥት አስረዳችኝ። በየወሩ የምንከፍለው መጀመሪያ የሚሄደው ለወለዱ ነው፤ ወለዱ የሚታሰበው ደግሞ ገና ባልተከፈለው ዋና ገንዘብ ላይ ነው። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ዋናው ትልቅ ስለሆነ ወለዱም ትልቅ ነው፤ ከከፈልነው ውስጥ ከዋናው ላይ የሚቀንሰው ትራፊው ብቻ ነው። እየቆየ ሲሄድ ይገለበጣል፤ ግን በጣም ቆይቶ ነው። ብድሩ የሃያ ዓመት ነው ስትለኝ እስከ መጨረሻው ሁሉም ሲደመር ስንት እንከፍላለን ብዬ ጠየቅኳት። ደምራ አሳየችኝ። የተበደርነውን ሦስት ጊዜ ከነምናምኑ ነው። አንድ ቤት ለመጨረስ ተበድረን የሦስት ቤት ገንዘብ ልንከፍል ፈርመናል፣ አስማማው። ሲፈረም አልተነገረንም ወይ ብላት ውሉ ላይ ወለዱም ዘመኑም ተጽፎ ፊርማችንን ከሥሩ አሳየችኝ። ያንተ ሰፊ ፊርማ፣ የኔ ጠባቧ። የዋሸን የለም። የጠየቀም የለም።

ስመለስ ሚኒባሱ ውስጥ የጠረጠርኩት አንተን ነው። ይቅር በለኝ አልልህም፤ ሚስትህ ነኝ፣ የመጠርጠር መብት አለኝ። የተማርክ ሰው ነህ፤ ይህን ሁሉ ዓመት ደምረህ ሳታውቀው ቀርተህ ነው? ወይስ አውቀህ እኔን እንዳታስፈራኝ ደበቅከኝ? የበሩ ነገር ደግሞ ትዝ አለኝ። ሃያ ዓመት እንደሆነ የሚያውቅ ሰው በር ሳይቀባ ይተዋል? ወይስ ሰው ሁሉ ባለዕዳ መሆናችንን እንዲያይ ነበር? ቤቱን ለእሳት ኢንሹራንስ አስገብተኸዋል፤ ራስህን ግን ለምንም አላስገባህም። ሞት የለም ብለህ ነበር እንዴ? ይህንን እያሰብኩ ተናድጄ ደረስኩ። ሰላም እንኳ ያን ዕለት እራት አቅርባልኝ ደብተሯን ይዛ ጓዳ ገባች።

ብዙ ቀን ቆይቶ ነው ነገሩ የበራልኝ፤ ያውም የአባቴ ማሳ ላይ ቆሜ። ታስታውሰዋለህ፣ አባቴ ያንን ማሳ በወለድ አገድ ሰጥቶት ነበር፤ ከጎረቤት ገንዘብ ተቀብሎ፣ ገንዘቡን እስኪመልስ ድረስ ሰውየው ማሳውን እያረሰ ይብላ ብሎ። ልጅ ሆኜ የዚያ ማሳ ገብስ በሰው አህያ ተጭኖ በደጃችን ሲያልፍ አይ ነበር። እኛ ሲጎድልብን የኛ ድንች ሌላ ቤት ይገባ ነበር። በተጋባን በሁለተኛው ዓመት አንተ ከደመወዝህ አጠራቅመህ የጎደለውን ሞላህና ማሳው ተመለሰ። በግ ታረደ። አባቴ በአዊኛ መረቀህ፣ አንተም በአዊኛ አሜን አልክ። ማታ ወደ ቤት ስንሄድ ደስ ብሎህ ያልከኝ ከጆሮዬ አልጠፋም፤ ያኔ የተወሰደው ብር ራሱ ተመለሰ፣ አንድ ሳንቲም ሳይጨምር፣ እነሱም አልከሰሩ እኛም አልከሰርን አልክ።

አልከሰርንም! ሰውየው ከልጅነቴ እስከ ትዳሬ የበላውን ገብስ የቆጠረ አልነበረም። አባቴ አልቆጠረውም፣ አንተም አልቆጠርከው፣ እኔም ጭምር። ዕዳ ማለት ለእኛ የተወሰደው ብር ነው፤ እስኪመለስ ድረስ የሚበላው ስም የለውም፣ እንደ ዝናብና እንደ ውርጭ የሚያልፍ ነገር ነው። እንዲህ ሆነን ነው ያደግነው። በዓይናችን እያየን በአህያ የሚጫነውን ያልቆጠርን ሰዎች፣ ባንክ ውስጥ ገብቶ የማይታየውን ከየት አባታችን እንቆጥረዋለን? ዕዳችን ይህን ያህል ነው ብለህ የነገርከኝ ልታታልለኝ አይደለም። አንተ እንደዚያ ነበር የምትቆጥረው። በሩንም ቀይ የተውከው ቶሎ የሚያልቅ መስሎህ ነው። ማሳው ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ፤ ላንተም ለራሴም ለአባቴም።

ጣጣው ግን አላለቀም። በላይ ለእኔ አዝኖ ባንኩን አነጋግሮ ኖሮ፣ የቀረውን አሥራ አምስት ዓመት እንደገና ወደ ሃያ መዘርጋት ይቻላል፣ ወርሃዊው ይቀልልሻል አለኝ። ይቀልልሻል የሚል ቃል ስሰማ ጆሮዬ ይቆማል። ተመልሼ ዳንግላ ወረድኩ፤ አሁን ቅል አልያዝኩም፣ ስንጥሬን እንጂ። ለዚያችው ልጅ ሁለቱንም እስከ መጨረሻው ደምሪልኝ አልኳት። በየወሩ የሚቀልልኝ ግማሽ ኪሎ ቅቤ የማይገዛ ገንዘብ ሆኖ ተገኘ። ለዚያች ብዬ የምጨምረው አምስት ዓመት ክፍያ ደግሞ ከተበደርነው ከግማሽ በላይ ነው። ልጅቱ ራሷ ደንግጣ አየችኝ። አይሆንም ብያለሁ። በላይንም አመስግኜዋለሁ፤ ባጃጇንም ይቅር ብያታለሁ፣ የቀጠረላትን ሹፌር ግን አሁንም አላምነውም።

ያደረግኩትን ስማኝ። ከመሞትህ በፊት አባቴ ባወረሰኝ በዚያው ማሳ ላይ በእጅህ የተከልካቸው ለከሰል የሚሸጡት ዛፎች ደርሰዋል። የከሰል ነጋዴው ገና ቀጭን ሳሉ ጀምሮ ይመላለስብኝ ነበር፤ ባል የሌላት ሴት ቸኩላ ትሸጣለች ብሎ ነው። አልሸጥኩለትም። አንድ ክረምት አቆየሁትና ሌሎች ሁለት ነጋዴዎች አምጥቼ ፊት ለፊት አጫረትኳቸው። የቀረውን ዕዳ ሲሶ የሚሆን ገንዘብ ወጣልኝ። ባንክ ሄጄ ከዋናው ላይ እንዲቀነስ ብዬ በማመልከቻ አስገባሁት። እንዲህ ካልተጻፈ ለሚቀጥሉት ወራት ክፍያ ብለው ሊይዙት ይችላሉና፣ ደረሰኙን ሦስት ጊዜ አስነብቤ ነው የወጣሁት። ወርሃዊውን እንደ በፊቱ ሳልቀንስ ከከፈልኩ አሥራ አምስቱ ዓመት ስድስት ዓመት አካባቢ ይሆናል አለችኝ። እውነት መሆኑን ለማረጋገጥ ለሰላም የሒሳብ መምህር አሳይቼዋለሁ። እሱም ያንኑ አለ።

ስድስቱም ቢሆን ቀላል አይደለም። ቅቤ ሲረክስ እጨነቃለሁ፣ ኪራይተኛው ይለቅ ይሆን ብዬ እጨነቃለሁ። ከሁሉ የከፋው ያ ውል ነው። ሽበት ወርሶህ ጡረታ እስክትወጣ ለመክፈል ፈርመሃል፤ በዚያ ዕድሜ አብረን በረንዳው ላይ ተቀምጠን ጉሙ ሲነሳ የምናይ መስሎህ ነበር። ወረቀቱ ላይ የተጻፈልህ ዕድሜ ላይ አልደረስክም። ይህ ሲታወሰኝ ባንኩንም ወለዱንም እረሳለሁና አንተን ብቻ እፈልግሃለሁ።

በሩን አላስቀባሁትም፤ ዕዳው እስኪያልቅ ማንም አይቀባውም። የመጨረሻውን ወር የከፈልኩ ዕለት ባንኩ በመያዣ የያዘውን የቤት ካርታችንን ተቀብዬ፣ ሰላምን በአንድ ወገን አቁሜ፣ አረንጓዴውን በገዛ እጄ እቀባዋለሁ፤ ከዚያም መቃብርህ ድረስ መጥቼ አለቀ እልሃለሁ። እስከዚያ ጠዋት በሩን ስከፍት አንድ ጊዜ፣ ማታ ስዘጋው አንድ ጊዜ ስምህን እጠራለሁ። አልረሳህም። ነጋዴውንም፣ ባንኩንም፣ ኪራይተኛውንም እንደጠረጠርኩ እኖራለሁ፤ ይህን ቤት ለእኔና ለሰላም ብለህ መሥራትህን ግን ስንጥር አልከትበትም።

ሚስትህ፣ ከቀዩ በር ውስጥ